ሩቅያ የሚለው ስም ከቤታችን እንዳይጠፋ

ዘንድሮ በሻዕባን ወር በቤተሰባችን ሴት ልጅ ተወለደች። አልሐምዱሊላህ፣ እናትም ልጅም ደህና ናቸው። በሰባተኛው ቀን ዐቂቃዋ ስለነበር ስም የመምረጡ ነገር አጣደፈን። ወጣቶቹ በስልካቸው የስም ዝርዝር ይዘው መጡ። አንዱ ስም ለአፍ ይጣፍጣል፣ ሌላው በውጭ አገር ለመጥራት አያስቸግርም፣ ሌላው ደግሞ በተከታታይ ድራማ ላይ የምትታይ ቆንጆ ልጅ ስም ነው። ከመካከላችን አንዱ «ሩቅያስ?» ሲል ቤቱ ለአፍታ ዝም አለ። ሩቅያ የአያታችን ስም ነው። እሳቸው ጥግ ላይ ተቀምጠው ሙስበሓቸውን እየቆጠሩ ነበር፤ ሰምተዋል፣ ግን ምንም አላሉም። ከዚያ ከልጆቹ አንዷ፣ ክፉ ሐሳብ ሳይኖራት፣ «ሩቅያ እኮ ጂን ማስወጣት ነው፤ ትምህርት ቤት ይስቁባታል» አለች።

ልጅቷ ሌላ ስም ወጣላት። መልካም ስም ነው፣ አላህ ያሳድጋት። ስም የማውጣቱ መብት የወላጆቿ ነውና እኛም «አሚን» ብለን የዐቂቃውን ሥጋ በላን። ያቺ ንግግር ግን ከጆሯችን አልወጣችም። አያታችን ዕድሜ ልካቸውን የተጠሩበት ስም በልጅ ልጆቻቸው ጆሮ የሕክምና ስም ብቻ ሆኖ መሰማቱ ከነከነን። በረመዳን የቤተሰብ ገጽ ላይ ስለ አንድ ስም ይህን ያህል መጻፍ የበዛ የሚመስለው አንባቢ ካለ፣ በዘመድ አዝማዱ መካከል ሩቅያ የምትባል አክስት ወይም አያት እንዳለች አንድ ጊዜ ያስብ።

አያታችን ያደጉትም የወለዱትም ከምኒልክ አደባባይ ብዙም በማይርቅ ግቢ ውስጥ ነው። የጊዮርጊስ ደወልና የኑር መስጂድ አዛን (የሰፈሩ ሰው በኒ መስጂድ ነው የሚለው) በአንድ ጆሮ የሚሰማበት ሰፈር ነው። ለክርስቲያን ጎረቤቶቻቸው «እትዬ ሩቅያ» ነበሩ። በረመዳን የሳምቡሳው ሳህን ከግቢው ዞሮ ዞሮ ነበር ወደ ቤት የሚመለሰው፤ ለፋሲካም እንዲሁ ሌላ ሳህን ከዚያ ወደዚህ ይመጣል። ማንም ጎረቤት «ሩቅያ ማለት ምን ማለት ነው?» ብሎ ጠይቋቸው እንደሁ አያስታውሱም። ስማቸው የሳቸው ነው፤ በቃ።

ትርጉሙን የመጠየቁ ተራ የኛ ሆነና ጠየቅን። በዐረብኛ በድምፅ የሚቀራረቡ ሁለት ቃላት አሉ። አንደኛው «ሩቅያህ» ነው፤ ቃፉ ሱኩን ያለበት። ቁርአንና ዱዓ በበሽተኛ ላይ በመቅራት ፈውስን ከአላህ መለመን ማለት ነው። ሁለተኛው «ሩቀይያህ» ነው፤ ቃፉ ፈትሓ፣ ያው ሸዳ ያለበት፣ ማለትም ያ ጠብቆ የሚነበብ። የሴት ስም ይህኛው ነው። ሁለቱም ራ፣ ቃፍና ያ ከሚባሉት ሦስት ፊደላት ይነሳሉ፤ በዐረብኛ ሲጻፉ ሐረካው ካልተደረገ መልካቸው አንድ ነው። በኛ ፊደል ደግሞ ጠብቆና ላልቶ የሚነበበውን የሚለይ ምልክት ስለማንጽፍ ሁለቱንም «ሩቅያ» ብለን እናልፋለን። ልጃችን ያንን የተናገረችው ከዚህ የተነሳ ነው። አልዋሸችም፣ ግማሹን ነው የሰማችው።

የስሙ ሥር መውጣትን፣ ወደ ላይ ከፍ ማለትን ያመለክታል። አሠራሩ ደግሞ የማቆላመጫ ነው። ሑሰይን የሐሰን ማቆላመጫ እንደሆነ ሁሉ ሩቀይያህም «ትንሿ፣ ከፍ ከፍ የምትለዋ» እንደማለት ነው። እናቶቻችን ልጅ ሲመርቁ «እደጊ፣ ከፍ በይ» ይላሉ። ያንን ምርቃት በአንድ ቃል ጠቅልሎ ስም ማድረግ ነው። ከዚህ የበለጠ ለሴት ልጅ ምን ይመኙላታል?

ስለ ሌላኛው ቃልም አንድ ነገር እንበል። ሩቅያህ የሚያሳፍር ነገር አይደለም። ከሶሓቦች አንዱ መርዝ የነደፈውን የጎሳ አለቃ ሱረቱል ፋቲሓን ቀርቶበት እንደዳነ፣ ነቢዩም (ሰ.ዐ.ወ.) ይህን እንዳጸደቁለት በታወቁት የሐዲስ መዝገቦች ውስጥ አለ። ግዕዝም ከዚሁ ሥር «ረቀየ» የሚል ግስ አለው፤ በድግምት ማከምን ይመለከታል። ሥሩ የሁለቱ ቋንቋዎች የጋራ ሀብት ነው ማለት ነው። የስሙ ስም የጠፋው በቃሉ ጥፋት አይደለም። ሰሞኑን በየማኅበራዊ ሚዲያው የሚለቀቀው፣ የታመመች ሴት ስትጮህ የሚያሳይ ቪዲዮ ነው ያጠፋው። የሰው ልጅ በሕመሙ ሰዓት መቀረጹ ራሱ ሌላ ጽሑፍ የሚፈልግ ጉዳይ ነው፤ ዛሬ አንገባበትም።

አማርኛ ተናጋሪ ጆሮ ደግሞ በዚህ ስም ውስጥ «ሩቅ» የሚለውን ቃል መስማቱ አይቀርም። አያታችን በልጅነታቸው «ሩቅያ፣ ሩቅ ያለሽ» እየተባሉ ይቀለድባቸው እንደነበር ነግረውናል። ግጥምጥሞሽ ነው፤ ዐረብኛው ከአማርኛው «ሩቅ» ጋር አይገናኝም። ነገር ግን የስሙ የመጀመሪያ ባለቤት ታሪክ ሲነበብ ቀልዱ ያን ያህል ከቦታው የወጣ አይመስልም።

ሩቀያ (ረ.ዐ.) የነቢዩ ሙሐመድና የእናታችን የኸዲጃ ልጅ ናት፤ የዘይነብ፣ የኡሙ ኩልሱምና የፋጢማ እህት። በልጅነቷ ለአቡ ለሀብ ልጅ ለዑትባ ታጭታ ነበር። ኒካሑ ታስሮ ሳለ አባቷ በነቢይነት ተላኩ፤ ሱረቱል መሰድ በአቡ ለሀብና በሚስቱ ላይ ወረደ። በአባትየው ቁጣ ልጁ ሩቀያን ፈታት፤ ወንድሙም እህቷን ኡሙ ኩልሱምን እንዲሁ። በእምነት ምክንያት በአንድ ሰሞን ሁለት ሴት ልጆች ወደ አባታቸው ቤት ተመለሱ። የተፈታች ልጅ ወደ ቤት ስትመለስ ጎረቤት ምን እንደሚል የሚያውቅ ወላጅ ይህን ክፍል ቀስ ብሎ ቢያነበው አይከፋም።

ከዚያ ዑስማን ኢብን ዐፋን (ረ.ዐ.) አገቧት። ነቢይነቱ በመጣ በአምስተኛው ዓመት፣ በረጀብ ወር፣ እንደ ፈረንጆቹ በ615፣ የመካ ግፍ ሲከፋ የመጀመሪያዎቹ ስደተኞች ወደ ሐበሻ ምድር ተነሱ። አሥራ አንድ ያህል ወንዶችና አራት ሴቶች ነበሩ። ከሴቶቹ አንዷ ሩቀያ ናት። ከመካ ወርደው ሹዐይባ ከተባለው ወደብ ሲደርሱ ሁለት የነጋዴ ጀልባዎች አገኙ፤ ታሪክ ጸሐፊዎች በግማሽ ዲናር እንደተሳፈሩ ይተርካሉ። ቁረይሾች ተከትለዋቸው ባሕሩ ዳር ሲደርሱ ጀልባዎቹ ሄደው ነበር።

እዚህ ላይ ቆም የምንልበት አንድ ዘገባ አለ። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) የልጃቸው ወሬ ዘግይቶባቸው ወጣ እያሉ ወሬ ይጠብቁ ነበር ይባላል። በመጨረሻ አንዲት የቁረይሽ ሴት መጥታ አማችዎን አየሁት፣ ሚስቱን አህያ ላይ አስቀምጦ እሱ ከኋላ እየነዳ ነበር ብላ ነገረቻቸው። አላህ አብሯቸው እንዲሆን ዱዓ አደረጉላቸው፤ ከነቢዩ ሉጥ በኋላ ከቤተሰቡ ጋር በአላህ መንገድ የተሰደደ የመጀመሪያው ሰው ዑስማን እንደሆነም እንደተናገሩ ተዘግቧል። ባሕር ተሻግራ የሄደች ሴት ልጅ፣ ደጅ ወጥቶ ወሬ የሚጠብቅ አባት።

ይህ ምስል ለኢትዮጵያ ቤተሰብ እንግዳ አይደለም። የኛዎቹ ልጆች ያንኑ ቀይ ባሕር በተቃራኒው አቅጣጫ ይሻገሩታል። ከወሎም፣ ከጅማም፣ ከአዲስ አበባም ወጥተው ጅዳ ይገባሉ፤ ሰው ቤት ሠርተው ለወንድምና ለእህት ትምህርት ቤት ይከፍላሉ። ከነሱ ውስጥ ሩቅያ የምትባል አንዲት እንኳ የለችም ማለት ይከብዳል። ጅዳን የመካ ወደብ እንድትሆን የመረጧት ደግሞ ዑስማን ኢብን ዐፋን ናቸው፤ ኸሊፋ በነበሩበት ዘመን ወደቡን ከሹዐይባ ወደ ጅዳ ያዛወሩት እሳቸው ናቸው። በሹዐይባ በኩል ሚስታቸውን ይዘው ወደኛ የተሰደዱት ሰውዬ የከፈቱት ወደብ የኛን ልጆች ይቀበላል። አቀባበሉ የነጃሺን ይመስላል ወይ የሚለውን ጥያቄ እዚያ ኖረው የመጡት ይመልሱት።

ሩቀያ በሐበሻ ሳለች ዐብዱላህ የሚባል ወንድ ልጅ እንደወለደች ይነገራል። ዑስማን «አቡ ዐብዲላህ» የተባሉት በሱ ነው። ወደ መካ ተመለሱ፤ ከዚያም ወደ መዲና ሁለተኛ ተሰደዱ። ሩቀያ ባለ ሁለት ሂጅራ የተባለችው ለዚህ ነው። ልጇ ስድስት ዓመት ገደማ ሲሆነው ሞተ፤ እሷ ግን ሞቱን አላየችም፣ ቀድማው ሄዳለች።

የሞተችውም በዚህ በያዝነው ወር ነው። በሁለተኛው ዓመተ ሂጅራ ሙስሊሞች ወደ በድር ሲወጡ ሩቀያ በጠና ታማ ነበር፤ ኩፍኝ ነበር የሚሉ ዘገባዎች አሉ። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ዑስማንን እሷን እንዲያስታምሙ መዲና እንዲቀሩ አዘዟቸው። ውጊያው በረመዳን 17 ተደረገ። የድሉን ብሥራት ይዞ መዲና የገባው ዘይድ ኢብን ሓሪሳ ሲሆን ከተማዋ ሲደርስ ሰዎች የሩቀያን መቃብር አፈር እያስተካከሉ ነበር። ይህ ዘይድ የኡሙ አይመን ባል ነው። ኡሙ አይመን ደግሞ ስሟ በረካ፣ አገሯ ሐበሻ የሆነች፣ ነቢዩን በልጅነታቸው ያሳደገቻቸው ሴት ናት። የሐበሻ ነገር በዚያ ቤት ውስጥ ከሩቀያ ስደት በፊትም፣ በቀብሯም ቀን ቅርብ ነበር ማለት ነው።

ዑስማን በድር ላይ አልዋሉም። ነገር ግን ከምርኮው ድርሻቸው ተሰጣቸው፤ ምንዳውም እንደዋለ ሰው ምንዳ እንደሚሆን ተነገራቸው። የታመመች ሚስቱን አጠገብ ተቀምጦ ያስታመመ ሰው ከዘማቾቹ ጋር ተቆጠረ። ረመዳንን በሆስፒታል ኮሪደር ላይ በቴምርና በአንድ ኩባያ ውኃ የሚያፈጥሩ፣ ተራዊሕ ያመለጣቸው አስታማሚዎች ዛሬም አሉ። ብዙዎቹ «ዘንድሮ ረመዳኑን ሳልጠቀምበት» እያሉ ያዝናሉ። የሩቀያን ታሪክ ማንም አልነገራቸውም ይሆናል።

ከዚያ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ሁለተኛዋን ልጃቸውን ኡሙ ኩልሱምን ለዑስማን ዳሩላቸው። የነቢይን ሁለት ልጆች በተራ ያገቡ ስለሆኑ «ዙን-ኑረይን»፣ የሁለት ብርሃናት ባለቤት ተባሉ። ከሁለቱ ኑሮች አንዷ በሐበሻ አፈር ላይ የኖረችው ናት። ፒያሳ ባለው ኑር መስጂድ ደጃፍ ባለፍን ቁጥር ይህ ትዝ ይለናል፤ መስጂዱ የተሰየመው በዚህ ምክንያት ነው ማለታችን ግን አይደለም።

ምኒልክ አደባባይን ካነሳን አይቀር፣ አምናም ዘንድሮም የካቲት 23 የዋለው በረመዳን ውስጥ ነው። ሕዝቡ በአደባባዩና በ2016 ዓ.ም. በተከፈተው የዓድዋ ድል መታሰቢያ ዙሪያ ሲያከብር ከመካከሉ ጾመኛው ብዙ ነበር። ብዙ ሰው የማያስተውለው ግን ዋናው የዓድዋ ቀን ራሱ በረመዳን መዋሉን ነው። የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. ወደ ሂጅሪ ሲመለስ የ1313 ረመዳን አጋማሽ ነው፤ 16ኛው ቀን ገደማ። በድር ከዋለበት ቀን ጋር ትከሻ ለትከሻ የተጠጋ ነው። በዓድዋ ከዘመቱት መካከል ሙስሊም ኢትዮጵያውያን ነበሩ። የድል ወሬ ሲደርስ ያን ቀን ሬሳ ያልወጣበት፣ በሽተኛ ያልተኛበት መንደር ነበር ብለን አናስብም። የድል ሐውልት ፈረሰኛውን ያሳያል፤ ቤት የቀረችውን፣ ቤት የቀረውን ግን የሚያስታውስ ስም ብቻ ነው።

ወደ ስም ወረቀት እንምጣ። በአገራችን ልማድ የቤተሰብ ስም የለንም። አንድ ሰው የሚጠራው በራሱ፣ በአባቱና በአያቱ ስም ነው። የወንድ ስም በልጁና በልጅ ልጁ መታወቂያ ላይ ሁለት ትውልድ ይሻገራል። የሴት ስም ግን ከልጇ የልደት ምስክር ወረቀት ላይ «የእናት ስም» ከሚለው መስመር አያልፍም። ከዚያ በኋላ የትም አይጻፍም። አያታችን አምስት ልጅ ወልደው፣ አሥራ ሦስት የልጅ ልጅ አይተው፣ ከአሥራ ሦስቱ በአንዱም መታወቂያ ላይ የሉም። የሴት ስም የሚተርፈው በአንድ መንገድ ብቻ ነው፤ ለሌላ ሴት ሲወጣ።

ሩቀያም (ረ.ዐ.) እንዲሁ ናት። አንድ ልጇ ሞተ። የነቢዩ ዘር የቀጠለው በፋጢማ በኩል ነው። «የሩቀያ ዘር ነኝ» የሚል ሰው በዓለም ላይ የለም። ስሟ ለአሥራ አራት መቶ ዓመት የቆየው በየአገሩ ያሉ እናቶች ልጃቸውን ሩቅያ ብለው ስለጠሩ ብቻ ነው። ከነዚያ እናቶች መካከል የኛ አገር እናቶች አሉበት፤ አያታችንን የወለዱት ሴት አሉበት። «ስም ከመቃብር በላይ ይውላል» ሲባል እንዲሁ በራሱ የሚውል አይደለም፣ የሚያውለው ሰው ይፈልጋል።

አያታችን የሚኖሩበት ግቢም ዛሬ የለም። በ2016 የፒያሳ ሰፈሮች ሲነሱ ጎረቤቱ በየአቅጣጫው ወደ ኮንዶሚኒየም ተበተነ። እሳቸውም ከልጃቸው ጋር ከተማው ዳር ገቡ። «እትዬ ሩቅያ» የሚላቸው ጎረቤት አሁን በስልክ ነው ያለው። አዲሱ ሰፈር «የሦስተኛ ፎቋ እማማ» ይላቸዋል። አልተከፉም፤ ሰዉ ደግ ነው ይላሉ። እኛ ግን ነገሩን በአንድ ላይ ስናየው ሰፈሩ ሄዷል፣ በወረቀት ላይ የሉም፣ በልጅ ልጅም ስማቸው አልወጣም።

ስሙን የማይወዱ ሰዎች ከሚያቀርቡት ምክንያት አንዱ «የዐረብ ስም ነው፣ ያረጀ ነው» የሚል ነው። የሚያስቀው፣ በምትኩ የሚመርጡትም ብዙ ጊዜ የዐረብ ስም ነው፤ አዲስ የዐረብ ስም። ፒያሳ የሚለውን ቃል እንውሰድ። ጣሊያንኛ ነው፣ አደባባይ ማለት ነው። የአራዳን ገበያ ወደ መርካቶ ያዛወረው፣ የምኒልክንም ሐውልት ከቦታው ያነሳው ወራሪ ትቶት የሄደው ቃል ነው። ሐውልቱ ከነጻነት በኋላ ተመልሶ ቆሟል፤ ቃሉ ግን ቀረና የኛ ሆነ። ዘጠና ዓመት ገደማ የሆነውን ፒያሳን ማንም አዲስ አበቤ ባዕድ ነው አይልም። ከ615 ጀምሮ ባለቤቱ ራሷ በእግሯ ረግጣ ያመጣችው ስም እንዴት ነው የዐረብ ብቻ የሚሆነው?

ቃል ደግሞ ከዚያ ወደዚህ ብቻ አይደለም የሚሄደው። ከስደተኞቹ ልጆች አንዷ፣ በሐበሻ ምድር የተወለደችው ኡሙ ኻሊድ፣ መዲና ከገባች በኋላ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ጥለት ያለው ትንሽ ጥቁር ልብስ በእጃቸው አለበሷት። ጥለቱንም እያሳዩ «ሰናህ» አሏት። የሐዲሱ ዘጋቢዎች በሐበሾች ቋንቋ ቆንጆ ማለት ነው ብለው ተርጉመውታል። ግዕዝ የሚያውቅ ሰው «ሠናይ» የሚለውን ወዲያው ይሰማል። ለአንዲት ትንሽ ልጅ፣ በተወለደችበት አገር ቋንቋ ልብሷ እንዳማረባት ነገሯት። ልጆቻችንን በዚህ ዘገባ አጠገብ አስቀምጠን ብናነብላቸው ስለ ስምና ስለ አገር ከምንሰጣቸው ብዙ ምክር ይበልጣል።

ሌላው ምክንያት በሹክሹክታ የሚነገር ነው። «ሩቀያ በወጣትነቷ ሞተች፣ ልጇም ሞተ፣ ስም ይመራል» የሚሉ አሮጊቶች አሉ። ይህ ጥየራ ነው፤ በነገር መጥፎ ገድ መፍራት። ሃይማኖታችን ከልክሎታል። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ትርጉሙ መጥፎ የሆነን ስም ይለውጡ ነበር፤ አመጸኛ የሚል ትርጉም የነበረውን «ዓሲያ» የሚለውን ስም «ጀሚላ» ብለው ለውጠዋል። የገዛ ልጃቸውን ስም ግን ማንም አልለወጠም።

አዲስ ስም ማውጣት ስሕተት ነው አንልም። ኢክራምም፣ ሒክማም፣ ሐናንም ያማሩ ስሞች ናቸው። ወላጅ ትርጉሙን ጠይቆ ይምረጥ፣ አላህ ይባርክለት። የምንለው «ሩቅያ» ሲባል የሚስቅ ልጅ በቤታችን እንዳይኖር ነው። ይህ ደግሞ የትምህርት ቤት ሥራ አይደለም። ከኢፍጣር በኋላ፣ ሾርባው ተጠጥቶ ሻይ ሲቀርብ፣ አሥር ደቂቃ የሚበቃው ሥራ ነው። እኛ ዘንድሮ በ17ኛው ሌሊት አደረግነው። ያቺ «ጂን ማስወጣት» ያለችው ልጅ አህያዋ ላይ ስንደርስ «ታዲያ ባሏ በእግሩ ነው የሄደው?» ብላ ጠየቀች። አዎ፣ በእግራቸው።

ስሙን ስለመጻፍም እንጨምር፤ ሩቅያ የሚል ስም ያለው ቤት ችግሩን ያውቀዋል። ከአክስቶቻችን የአንዷ ስም የአያታችን ስም ነው፤ በትምህርት ማስረጃዋ ሩቅያ፣ በመታወቂያዋ ሩቂያ፣ በፓስፖርቷ ረቂያ ሆነና ሦስት ሰው ተባለች። አንድ ሰው መሆኗን ለማስረዳት አንድ ሳምንት ከመስኮት መስኮት ተንከራተተች። ጥፋቱ የጸሐፊ ብቻ አይደለም፤ እኛም ቤት ውስጥ ሦስት ዓይነት ነው የምንጠራት። ፋጢማ በኛ አፍ ፋጡማ፣ ኸዲጃ ከድጃ እንደሆኑት ሩቀይያህም ሩቅያ ብትሆን ነውር የለውም፤ ዐረብኛ የተማረ ልጅ አያቱን «አጠራርሽ ልክ አይደለም» ብሎ ባያርማቸው እንወዳለን። ወረቀት ላይ ግን አንዱን መርጦ እስከ መጨረሻው መያዝ ነው። ልደት በ90 ቀን ውስጥ ይመዝገብ ሲባል ለመመካከሪያ በቂ ጊዜ አለ።

በመጪው ሸዋል በቤተሰባችን ሌላ ልጅ ይጠበቃል። ሴት ትሁን ወንድ አላህ ያውቃል። አያታችን ስሟ እንዲህ ይሁን አላሉም፤ ዛሬም አይሉም። ትናንት ማታ ግን ሻያቸውን አስቀምጠው አንድ ነገር ጠየቁ። ምናልባት ሴት ከሆነች፣ ምናልባትም ያ ስም ከወጣላት፣ ምዝገባው ቀን እሳቸውን ይዘናቸው እንድንሄድ። ለጸሐፊው ፊደሉን አንድ በአንድ ራሳቸው ሊነግሩት ይፈልጋሉ።